ዘፈኑን ማን አስጠናቸው? ስለ አንድ የ8 ደቂቃ የስፔን ፊልም

ሴትየዋ ወደ ካፌው ትገባለች። ጠዋት ጠዋት ቁርሷን የምትቀምስበት ቤት ነው፤ አገባቧም የለመደ ሰው አገባብ ነው። ዛሬ ግን የሆነ ነገር ልክ አይደለም። ቤቱ ሰው አለው፤ ድምፅ ግን የለውም። ወሬ የለም፣ ሳቅ የለም። ሁሉም አንገቱን ደፍቶ ጠረጴዛውን ያያል። የሙዚቃ መሣሪያ የያዙ ሰዎችም ቆመዋል፤ በዚህ ማለዳ እዚህ ምን እንደሚሠሩ የሚነግራት የለም። ትቀመጣለች። ትንሽ ቆይቶ አንድ ሰውዬ ብቅ ይልና መዝፈን ይጀምራል።

የሚዘፍነው ለእሷ ነው።

ፊልሙ «7:35 ከጠዋቱ» ይባላል። ሰዓቱ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው፤ በእኛ ከጠዋቱ 1 ሰዓት ከ35 መሆኑ ነው። የሠራው ናቾ ቪጋሎንዶ የሚባል ስፔናዊ ነው፤ በ1977 ሰሜን ስፔን ውስጥ ካንታብሪያ በሚባል አካባቢ የተወለደ (ቀኖቹንም ዓመቶቹንም ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው)። ፊልሙ በ2003 ወጣ። ጥቁርና ነጭ ነው፤ ርዝመቱም 8 ደቂቃ አካባቢ። በ2005 በአጭር ፊልም ዘርፍ ለኦስካር ታጭቶ ነበር፤ ሽልማቱን የወሰደችው ግን እንግሊዛዊቷ አንድሪያ አርኖልድ ናት። ሴትየዋን ሆና የምትጫወተው ማርታ ቤሌንጌር ነች። ዘፋኙ ሰውዬ ራሱ ቪጋሎንዶ ነው፤ ወደዚህ ነገር በኋላ እመለሳለሁ።

ከ20 ዓመት በላይ የሆነውን ፊልም ዛሬ ለምን አነሳሁት? ስልኬ ነው ያስታወሰኝ። ቲክቶክ በከፈትኩ ቁጥር አንድ የጋብቻ ጥያቄ አያለሁ። ሰውዬው ይንበረከካል፣ ጓደኞቹ ፊኛ ይዘው ይከባሉ፣ ካፌው ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ስልኩን አንስቶ ይቀርጻል፣ «እሺ በይው! እሺ በይው!» ይባላል። ብዙዎቹ የምር ደስ ይላሉ። ልጅቷ ስትጠብቀው የነበረ ነገር እንደሆነ ፊቷ ላይ ይነበባል። አንዳንዶቹ ላይ ግን ልጅቷ መጀመሪያ የምታየው ቀለበቱን አይደለም። በሩን ነው። ለአንድ ሰከንድ፣ ከዚያም ባነሰ ጊዜ፣ ዓይኗ ወደ በሩ ይሄድና ይመለሳል። ከዚያ ፈገግ ትላለች። ያቺን ሰከንድ ባየሁ ቁጥር ይሄ ፊልም ትዝ ይለኛል።

ያላያችሁት ካላችሁ ኢንተርኔት ላይ ፈልጋችሁ እዩት፤ ከዚህ በታች ታሪኩን እስከ መጨረሻው ስለማወራ ቀድማችሁ ብታዩት ይሻላል። ስፓኒሽ አለማወቃችሁ ብዙም አይጎዳችሁም። የሚያስፈልገው ሁሉ ፊት ላይ አለ።

አሁን ወደ ዋናው ነገር። የሙዚቃ ፊልም ከተመልካቹ ጋር አንድ ውል አለው። የህንድ ፊልም እያየ ያደገ ሰው ሁሉ ይሄን ውል ያውቀዋል። ሁለት ሰዎች ይዋደዳሉ፣ መንገድ ላይ መዝፈን ይጀምራሉ፣ ወዲያው አትክልት ሻጩም፣ ታክሲ ነጂውም፣ ፖሊሱም፣ በመስኮት የምታየው ሴትዮም ግጥሙን ያውቁታል፣ እርምጃውንም ያውቁታል። «እነዚህ ሰዎች መቼ ተለማመዱት?» ብለን አንጠይቅም። ከጠየቅን ጨዋታው ፈረሰ። ፍቅር ሲመጣ ዓለም ሁሉ አብሮ ይዘፍናል፤ በቃ፣ ውሉ ይሄ ነው።

ቪጋሎንዶ ያንን የማይጠየቅ ጥያቄ ጠየቀ። የካፌው ሰው ሁሉ ግጥሙን እንዴት አወቀው? መልሱ ደግሞ በጣም ቀላል ነው። አንድ ሰው ቀድሞ መጥቶ አስጠንቷቸዋል። ለምን እሺ አሉት? ሰውነቱ ላይ ፈንጂ ታጥቋል።

ይሄን ልምምድ ፊልሙ አያሳየንም። አንድም ሾት የለውም። እኛ ነን በጭንቅላታችን የምንሠራው፣ ያውም ካለቀ በኋላ። እስቲ አስቡት። ሴትየዋ ከመድረሷ በፊት ሰውዬው ገብቷል። አስተናጋጁ ገና ስኒ እየደረደረ ይሆናል። ሰዉ ወደ ሥራ ከመሄዱ በፊት ቡናውን በወተት ሊጠጣ የቆመ ነው፤ ስፔን ውስጥ ቁርስ ብዙ ጊዜ እንዲህ ነው፣ ባንኮኒ ተደግፎ፣ በአሥር ደቂቃ፣ ከሚያውቁት አስተናጋጅ ጋር ሁለት ቃል ተለዋውጦ። ሰውዬው ጃኬቱን ገለጠ። ከዚያ የስንኝ ክፍፍል ተጀመረ። አንተ ይሄን ስንኝ፣ አንቺ ያንን። እዚህ ጋ ትነሣላችሁ፣ እዚህ ጋ ትዞራላችሁ። የተሳሳተ ሰው ምን ይሆናል? ይሄንንም አያሳየንም። የፊልሙ አስፈሪ ክፍል ፊልሙ ውስጥ የሌለው ክፍል ነው።

ስለዚህ ዘፈኑ ሲጀምር የምናየው ነገር ሁለት ፊት አለው። ከላይ ሲታይ የሙዚቃ ፊልም ነው። ሰውዬው በየጠዋቱ እዚህ እንደሚያያት፣ ሊያናግራት እንዳልደፈረ ይዘፍናል። ዜማው ቀላል ነው፣ ጆሮ ላይ ይቀራል። ተስተናጋጆቹ በየተራ እየተቀበሉት ይዘፍናሉ። ከዚያ ቀስ ብላችሁ ፊታቸውን ታያላችሁ። ዓይናቸው ወደ ሴትየዋ አያይም፤ ወደ ሰውዬው ነው የሚያየው፣ ልክ ተማሪ መምህሩን እንደሚያይ። ግጥሙን ከጽሑፍ ላይ እየሰረቁ የሚያነቡ አሉ። ድምፃቸው ይንቀጠቀጣል። ጭፈራው ላይ እግራቸው ይዘገያል። መጀመሪያ ላይ ይሄ ሁሉ ያስቃል፤ «ምስኪን፣ መዝፈን አይችልም» ትላላችሁ። እውነትም አይችልም። ዘፋኝ አይደለማ። ቁርሱን ሊበላ የመጣ ሰው ነው።

ይሄን ፊልም ለሦስት ጓደኞቼ በላፕቶፕ አሳይቻቸው ነበር። አንዷ ከመጀመሪያው እየሳቀች ነበር፤ ተስተናጋጁ ስንኙን ሲስት ደግሞ የምር ከት ብላ ሳቀች። ማኪያቶዋን ወደ አፏ እያነሳች ነበር። ሰውዬው ሰውነቱ ላይ ያለው ነገር ሲታይ እጇ እዚያው አየር ላይ ቆመ። ስኒውን አልጠጣችውም፣ አላስቀመጠችውም። እስኪያልቅ ድረስ እንደያዘችው ነበር። ከዚያ «ስስቅበት የነበረው ሰው እኮ እየሞተ ነበር» አለች። አልሞተም፣ ግን ገባኝ። ፊልሙ የሚፈልገው ያቺን ሰዓት ነው። ያንኑ ፊት፣ ያንኑ የሚንቀጠቀጥ ድምፅ ከአንድ ደቂቃ በፊት ስቀንበታል። ፊቱ አልተለወጠም። የተለወጠው የእኛ ማወቅ ነው።

ጥቁርና ነጭነቱ እዚህ ላይ ብዙ ሥራ ይሠራል። ብዙ ወጣት ፊልም ሠሪ ጥቁርና ነጭን የሚመርጠው «አርቲስቲክ» እንዲመስልለት ነው፤ እውነቱን ለመናገር ብዙውን ጊዜ ባዶ ማስጌጫ ነው የሚሆነው። እዚህ ግን ምክንያት አለው። ጥቁርና ነጭ ሲባል አእምሯችን ወደ ድሮ ፊልም ይሄዳል፤ ኮትና ባርኔጣ፣ ጨዋ ፍቅር፣ ትዝታ። ቀለሙ ራሱ «አትፍሩ፣ ይሄ የድሮ የፍቅር ታሪክ ነው» ይለናል። በዚያው ልክ ደግሞ ጥቁርና ነጭ የባንክ ቤት የጥበቃ ካሜራ ቀለም ነው፣ የወንጀል ማስረጃ ቀለም ነው። ያው ምስል በሁለቱም መንገድ ሊነበብ ይችላል። በከለር ቢሠራ ኖሮ የካፌው ሙቀት፣ የዳቦው ቀለም፣ የልብሱ ቀለም ለአንዱ ወገን ያደላ ነበር። አሁን የሚያደላ ነገር የለም።

ካሜራውም የሙዚቃ ፊልም ካሜራ አይመስልም። በትልልቆቹ የሙዚቃ ፊልሞች ካሜራው ራሱ ይጨፍራል፤ ይበራል፣ ይሽከረከራል፣ ከላይ ሆኖ ጨፋሪዎቹን እንደ አበባ ቅጠል ያሳያል። እዚህ ቤቱ ጠባብ ነው። ወንበር አለ፣ ጠረጴዛ አለ፣ ባንኮኒ አለ። ሰዎቹ የሚጨፍሩት ወንበር እንዳይመታቸው እየተጠነቀቁ ነው። ቦታው መድረክ አልሆነም፤ እስከ መጨረሻው ካፌ ሆኖ ቀረ። ለዚህ ነው ውበቱም ፍርሃቱም እኩል የሚሰማው። እኛም የምናውቀው ዓይነት ቤት ነው።

እንግዲህ ዋናው ጥያቄ እዚህ ጋ ይመጣል። ይሄን ሰውዬ ምን እናድርገው?

ክፉ ሰው አይመስልም፤ ችግሩም እሱ ነው። አይጮህም፣ አይሳደብም፣ ማንንም አይመታም። ዓይናፋር ነው። ስንት ጠዋት እዚያ ቤት ተቀምጦ አንዲት ሴት ቡና ስትጠጣ እያየ «ዛሬ አናግራታለሁ» ብሎ ሳያናግራት ወጥቷል። ይሄን የማያውቅ ማን አለ? ግጥሙም የሚያሳዝን ነው። እኔ መጀመሪያ ያየሁት ጊዜ አዝኜለታለሁ፤ ፈንጂውን ካየሁ በኋላም ጭምር። ይሄን ስል እያፈርኩ አይደለም፣ ፊልሙ የተሠራው እንድናዝንለት ነው። የሙዚቃ ፊልም ሕግ ዘፋኙን አፍቃሪ ያደርገዋል፤ እኛም ዜማውን እየሰማን ከእሱ ወገን እንቆማለን። ከዚያ ዞር ስንል የቆምነው ከጠላፊ ጎን ሆኖ እናገኘዋለን።

በአማርኛ ደግሞ ይሄ ነገር ለየት ባለ መንገድ ይሰማል። የፍቅር ቃላችንን እስቲ ልብ ብላችሁ ስሙት። «ሞትኩልሽ»። «ካንቺ ወዲያ ሞቼ እገኛለሁ»። «ካላገኘሁሽ መኖሬ ምን ያደርጋል»። ስንላቸው ማንም ሞትን አያስብም፣ ማር ያለበት ቃል ናቸው። የካፌው ሰውዬ ግን ይሄንን ቃል ቃል በቃል ወሰደው። ሞትኩልሽ አለ፣ ከዚያ መሞቻውን ታጥቆ መጣ። ፊልሙን በአማርኛ ጆሮ ሳየው ያስደነገጠኝ ይሄ ነው። ቃላችን ውስጥ ያለው ማስፈራሪያ ድሮም ነበር፤ ለምደነው እንጂ።

መጨረሻው ላይ ፖሊስ ይደርሳል። ሰውዬው ዘፈኑን ይጨርሳል። ራሱን የሚያጠፋው ውጭ ነው፤ ተስተናጋጆቹ ይተርፋሉ። ፍንዳታው ይሰማል። የሚበተነው ግን ኮንፈቲ ነው፤ ሠርግና ልደት ላይ የሚረጨው ቁርጥራጭ ወረቀት። ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ስለሆነ ወረቀቱ ቀለም የለውም። ግራጫ ነው። ለሚያየው ሰው አመድም ሊመስል ይችላል።

ሰዎች በዚህ መጨረሻ ላይ ሲከራከሩ ሰምቻለሁ። «አያችሁ፣ ማንንም አልጎዳም፣ ራሱን ብቻ ነው» የሚሉ አሉ። አልስማማም። ራሱን ለእሷ «ስጦታ» አድርጎ ነው የሞተው፤ እሷ ግን ይሄን ስጦታ አልጠየቀችም፣ መመለስም አትችልም። ሰው ቢጎዳችሁ ልትቀየሙት ትችላላችሁ። ሰው ለእናንተ ብሎ ቢሞትስ? ዕድሜ ልክ የምትሸከሙት ነገር ነው። እኔ እንደሚመስለኝ ከፈንጂው ይልቅ የሚከብደው ኮንፈቲው ነው። ፈንጂው ለሁሉም ነበር፤ ኮንፈቲው የተረጨው ለእሷ ብቻ ነው።

ስለ ተስተናጋጆቹም አንድ ነገር ማለት አለብኝ። ስትገባ ማንም «ውጪ፣ ሽሺ» አላላትም። አውቀው ዝም አሉ። ይሄ ጥፋት ነው? ፈንጂ ፊት የተቀመጠ ሰው ላይ መፍረድ ይከብዳል፤ እኔም አልፈርድም። ግን ፊልሙ ያንን ዝምታ በደንብ ነው የያዘው። የመጀመሪያው ዝምታ፣ ሰው ሁሉ አንገቱን የደፋበት፣ እንደገና ስታዩት የፍርሃት ብቻ አይደለም። የሐፍረትም ነው። ሊመጣ ያለውን የሚያውቅ ሰው ዓይኑን የሚያሳርፍበት ሲያጣ እንዲያ ነው የሚሆነው።

አሁን ወደ ቪጋሎንዶ። ዳይሬክተሩ ሰውዬውን ራሱ መጫወቱ በአጋጣሚ ወይም ተዋናይ በማጣት ብቻ የሆነ ነገር አድርጌ ላየው አልችልም። ዳይሬክተር ምን ይሠራል? ሰዎችን ሰብስቦ ስንኝ ያድላል። እዚህ ቁም፣ እዚያ ዙር፣ አሁን አልቅስ ይላል። ሰውዬው ካፌው ውስጥ የሚሠራው ያንኑ ነው። ተመልካች መርጧል፣ ተዋንያን አዘጋጅቷል፣ ዘፈን ጽፏል፣ መጨረሻውንም አስቦበታል። ፊልም እየሠራ ነው ማለት ይቻላል። እኛን ደግሞ ከሴትየዋ ጋር አንድ ወንበር ላይ አስቀምጦናል፤ እሷም የምታየው እኛ የምናየውን ነው። ልዩነቱ እኛ መዝጋት እንችላለን፣ እሷ አትችልም። ቪጋሎንዶ ገጸ ባሕሪውን ለሌላ ተዋናይ ሰጥቶ ከዳር ሆኖ ሊያወግዘው ይችል ነበር። የራሱን ፊት ነው ያዋሰው። ይሄን አከብርለታለሁ።

ከዚህ በኋላ የመጣውን ሳያነሱ ስለዚህ ፊልም ማውራት አይቻልም። መጋቢት 11 ቀን 2004 ማለዳ ማድሪድ ውስጥ ወደ አቶቻ ጣቢያ በሚጓዙ አራት የከተማ ባቡሮች ላይ 10 ቦምቦች ፈነዱ። የፈነዱት ከ7:37 እስከ 7:40 ባለው ጊዜ ውስጥ ነው። ከ190 በላይ ሰዎች ሞቱ። ወደ ሥራና ወደ ትምህርት ቤት የሚሄዱ ሰዎች ነበሩ፤ ያን ቡና በወተት ጠጥተው የወጡ። ፊልሙ የተሠራው ከዚያ በፊት ነው፤ ግንኙነት የለውም፣ ሰዓቱም አጋጣሚ ነው። ግን ከዚያ ጠዋት በኋላ ፊልሙን ለሚያይ ሰው ርዕሱ ብቻውን ይከብዳል። ስፔን በባስኩ ታጣቂ ቡድን በኢታ ምክንያት ቦምብ ለዐሥርት ዓመታት የምታውቅ አገር ናት፤ የፊልሙ ፈንጂ ስለዚህ መጀመሪያውኑ ለስፔን ተመልካች የካርቱን ፈንጂ አልነበረም። ከ2004 በኋላ ደግሞ አንዳንዱ ሰው መሳቅ ያቅተዋል። እኔ ይሄንን የፊልሙ ጉድለት አድርጌ አላየውም። ሳቁ መጀመሪያውኑ የተበደረው ከፍርሃት ነበር።

አንድ ቅሬታ ግን አለኝ፣ ትንሽ ቅሬታም አይደለም። ሴትየዋን አናውቃትም። ሰውዬው ስለ እሷ ይዘፍናል፤ የሚዘፍነው ግን የሚያየውን ነው፤ ጠዋቷን፣ ቁርሷን፣ መቀመጫዋን። ምን ትሠራለች? ማን ይጠብቃታል? ምን ይመስላት ነበር? ምንም። 8 ደቂቃ አጭር ነው፣ ልክ ነው፤ ግን ለሰውዬው ሙሉ ዘፈን የበቃ ጊዜ ለእሷ አንድ ዓረፍተ ነገር አልበቃም። «ፊልሙ ራሱ ሰውዬው እንደሚያያት ነው የሚያያት» የሚል ሰው ቢመጣ ሙሉ በሙሉ ተሳስተሃል አልለውም።

ግን ደግሞ አንድ ነገር ታደርጋለች፤ እኔም ለዚህ ነው ፊልሙን የማልጥለው። ስልኳን ታወጣለች። ሳይታይባት፣ ዓይኗን ከሰውዬው ሳትነቅል፣ ወደ ፖሊስ ትደውላለች። ቤቱ ውስጥ ያለው እንቅስቃሴ ሁሉ በሰውዬው የታዘዘ ነው፤ አነሳሱ፣ አዟዟሩ፣ ስንኙ። ካልታዘዘው ውስጥ ትልቁ ይሄ ነው። ሁሉም ክንዱን ወደ ላይ ዘርግቶ ሲጨፍር የአንዲት ሴት ጣት ከጠረጴዛ ሥር የራሱን ነገር ይሠራል። ድጋሚ ስታዩት ሰውዬውን ተዉትና እጇን ተከተሉ። ሌላ ፊልም ነው የምታዩት። ማርታ ቤሌንጌር ፊቷን ምንም ሳታስነብብ ነው የምትይዘው፣ ፈገግታም አይደለም፣ ለቅሶም አይደለም። ለከፋ አይታ የምታውቅ ሴት ሁሉ ያንን ፊት ታውቀዋለች። «አላስቆጣው፣ አላበረታታው፣ ልለፍ» የሚል ፊት ነው።

ይሄን ከሌላ የስፔን አጭር ፊልም ጋር ሳስተያየው ነገሩ ይበልጥ ይገባኛል። የባርሴሎናው ኹዋንኾ ሂሜኔስ በ2016 «ታይምኮድ» የሚል ፊልም ሠርቶ ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ በአጭር ፊልም ዘርፍ ትልቁን ሽልማት ፓልም ዶርን ወስዷል፤ በቀጣዩ ዓመት ለኦስካርም ታጭቷል። እሱም ላይ ጭፈራ አለ፣ እሱም ላይ ተራ የሥራ ቦታ አለ። ሉና እና ዲዬጎ አንድ የመኪና ማቆሚያ የሚጠብቁ ዘበኞች ናቸው፤ እሷ ቀን፣ እሱ ሌሊት። የሚገናኙት ፈረቃ ሲቀያየሩ ብቻ ነው። አንድ ቀን የጥበቃ ካሜራውን ቅጂ ስታይ ዲዬጎ ሌሊት ብቻውን ሲደንስ ታገኘዋለች። ምን ታደርጋለች? በራሷ ፈረቃ ካሜራው ፊት ትደንስና ቅጂው ላይ የት እንዳለ የሚጠቁም ቁጥር በትንሽ ወረቀት ትተውለታለች። ከዚያ እሱ ይመልሳል። እዚያም የሚረብሽ ነገር አለ፤ ሰውዬው ሳያውቅ ነው መጀመሪያ የታየው። ግን እያንዳንዱ ጭፈራ ጥያቄ ነው፣ ቀጥሎ አንድ ሙሉ ፈረቃ ዝምታ አለ፣ ያኛው ወገን ቢፈልግ ይመልሳል ባይፈልግ ወረቀቱን ይጥለዋል። መመለሻ ጊዜ ተሰጥቶታል። በ7:35ቱ ካፌ ውስጥ ለመልስ የተተወ ቦታ የለም። ግጥሙ ተጽፎ አልቋል፤ የእሷ ስንኝ ግን አልተጻፈም። ተቀምጣ ማየት ብቻ ነው የተሰጣት።

ሕጉም በጊዜው ብዙ አይረዳትም ነበር። ስፔን በታኅሣሥ 2004 ስለ ጾታ ጥቃት ትልቅ ሕግ አወጣች፤ ያ ሕግ ግን የሚመለከተው ባልን፣ የፍቅር ጓደኛን ወይም የቀድሞ ባልንና የፍቅር ጓደኛን ነው። የካፌው ሰውዬ ምኗም አይደለም። ሰውን እየተከታተሉ ማስጨነቅ ራሱን የቻለ ወንጀል ሆኖ የስፔን የወንጀል ሕግ ውስጥ የገባው በ2015 ነው። እንግዲህ ፈንጂውን እናውጣና ሰውዬው በየጠዋቱ እየመጣ ዝም ብሎ ሲያያት ቢኖር ኖሮ፣ በዚያን ጊዜ ምን ብላ ትከሰዋለች? «ያየኛል» ብላ?

ማኪያቶዋ አየር ላይ የቀረው ጓደኛዬ ፊልሙ ካለቀ በኋላ ስለ ሥራ ቦታዋ ነገረችን። ከቢሮዋ አጠገብ ጠዋት ጠዋት ቁርስ የምትበላበት ቤት ነበር። አንድ ቀን ሒሳብ ስትጠይቅ አስተናጋጇ «ተከፍሏል» አለቻት። ማን ከፈለው? አስተናጋጇ በአገጯ ወደ አንድ ጠረጴዛ ጠቆመች። ሰውዬው ፈገግ ብሎ አንገቱን ነቀነቀ፤ ምንም አላለም። ጓደኛዬ አመሰገነችና ወጣች። በማግስቱም ተከፍሏል። በሳምንቱም። «አይክፈልልኝ» ብላ ለአስተናጋጇ ነገረቻት፤ አስተናጋጇ ሳቀችና «አንቺ ደግሞ፣ ዕድለኛ ነሽ እኮ» አለቻት። አጠገቧ የነበሩ ሰዎችም ሳቁ። ሰውዬው አንድም ቀን አላናገራትም፣ አልነካትም፣ አልተከተላትም። አንድም ክፉ ቃል አልወጣውም። አንድ ቀን ጠዋት በሩ ጋ ደርሳ እግሯ አልገባም አላት።

«ከዚያስ?» አልናት።

«ቁርሴን ከቤት ይዤ መሄድ ጀመርኩ» አለች።

ፊልሙን እንደገና ከፈትነው። አሁን ማንም አልሳቀም። መጀመሪያው ላይ፣ ሴትየዋ ገብታ ገና ምንም ሳታውቅ የምትቀመጥበት ላይ ስትደርስ ጓደኛዬ አቆመችው። ብዙ ጊዜ አየችው። ወንበሩን ነበር የምታየው።

«በማግስቱ የት ሄዳ ትበላለች?» አለች።